እትዬ ኳኳና የታሸገው አምስተኛ ፎቅ

ዛሬ የምንሸኛቸው እናታችንና አክስታችን ጥር 1947 ዓ.ም. ከግንበኛ አባታቸውና ከጡብ ፋብሪካ ሠራተኛ እናታቸው፣ ጡብ ከሚተኮስበት ግቢ አጠገብ ባለች አንዲት ክፍል ተወለዱ። አባታቸው የጨረሱትን ግድግዳ ሁሉ በጣታቸው አንጓ ሳያንኳኩ አያስረክቡም ነበር፤ ሁለቴ ፈጠን፣ ከዚያ ቆም ብለው አንዴ። ልጃቸውም ይህንኑ ወረሱ። ግትርነቱን ሳንቆጥር ሌላ የወረሱት ነገር የለም።

የመጀመሪያና የሁለተኛ ደረጃ ትምህርታቸውን በሰፈራቸው አጠናቀው በ1970 ዓ.ም. በሕንፃ ምህንድስና ተመረቁ። በዚያው ዓመት በማዘጋጃ ቤቱ የግንባታ ፈቃድ ክፍል ተቀጥረው እስከ ጡረታቸው አገለገሉ። በ1974 ዓ.ም. ከሒሳብ መምህሩ ባለቤታቸው ጋር ጋብቻ ፈጽመው አንድ ወንድና አንዲት ሴት ልጅ አፍርተዋል። ሙሽሪት የሚከራዩትን ቤት ግድግዳ አንኳኩተው ሳይጨርሱ ሻንጣ አይገባም ማለታቸውን ባለቤታቸው በሕይወት እስከነበሩ ድረስ ሲያሾፉበት ኖረዋል። የሰፈር ልጆችም «እትዬ ኳኳ» ያሏቸው በዚሁ ጠባያቸው ነው።

በ1994 ዓ.ም. ለአራት ፎቅ ብቻ ፈቃድ ያገኘ አንድ ሕንፃ አምስተኛ ጨመረ። እርሳቸው ዐምዶቹ አይችሉትም ብለው ጭማሪው እንዲፈርስ አዘዙ። ባለሕንፃው ግን ፍርድ ቤት ሄዶ የእግድ ትእዛዝ አወጣ። ቀጠሮ ቀጠሮን እየወለደ ሲሄድ ማድረግ የቻሉት ሰው ያልገባበትን ፎቅ ማሸግ ብቻ ነበር። ከሥር ያሉትን ተከራዮች ውጡ ብለው በየደጁ ቢለምኑም የሰማቸው አልነበረም፤ ኪራይ ቤት እንደ ልብ የሚገኝ ይመስል ይሏቸው ነበር። ከሁሉም በላይ ያሳሰበቻቸው በአራተኛው ፎቅ ከትንሽ ልጇ ጋር የምትኖር አንዲት ልብስ ሰፊ ነበረች።

አንድ ቀን ቀትር ላይ ልብስ ሰፊዋ ከነመለኪያ ሜትሯ ቢሮአቸው መጣች። «እትዬ፣ ላዩን አሽጌዋለሁ ብለውኝ አልነበር? ታዲያ ከጠዋት ጀምሮ የሚያንኳኳው ማነው?» አለቻቸው።

አብረው ሄዱ። ማሸጊያው አልተነካም፤ በደጁ አቧራ ላይም የእግር ዱካ አልነበረም። ወደ ልብስ ሰፊዋ ክፍል ወርደው አዳመጡ። ከኮርኒሱ በላይ ሁለቴ ፈጠን፣ ከዚያ ቆም ብሎ አንዴ ይንኳኳል። የገዛ እጃቸው ምት ነበር።

ያኔ ያለ ትእዛዝ፣ ያለ ወረቀት፣ ሰዉን ሁሉ እየጮሁ ከሕንፃው አስወጡ። አብደዋል እየተባሉም ቢሆን ወጡላቸው። እናቷ ከጎረቤት ልጆች ጋር ወጥታለች ያለቻትን፣ ከልብስ መስፊያው ሥር ተኝታ የተገኘችውን ትንሿን ልጅ በመጨረሻ ያወጧት ራሳቸው ናቸው። ታቅፈዋት ደረጃውን ሲወርዱ ኳኳታው አብሯቸው ነበር፤ የመውጫውን ደፍ ሲያልፉ ጸጥ አለ። መንገዱን እንደተሻገሩ አምስተኛው ፎቅ በአራተኛው ላይ ወረደ። አንድም ሰው አልሞተም።

ባለሕንፃው ያለ ሥልጣናቸው ተከራዮቼን በተኑ ብሎ ከሰሳቸው። እንዴት እንዳወቁ ፍርድ ቤት ሲጠየቁ፣ ሲንኳኳ ሰማሁ አሉ። ጠበቃው ሳቀ፤ ዳኛው አልሳቁም፤ ክሱም ተዘጋ። ማን እንዳንኳኳ ግን አላወቁም። እኛ ረስተን እርሳቸው አልረሱም፤ ምሳ መሐል እንኳ ጉርሻቸውን ይዘው ማን ነበር ይሉ ነበር።

ባለፈው ዓመት የሳንባ ሕመም ጸናባቸው። ሐምሌ 3 ቀን 2016 ዓ.ም. ከቀትር በፊት፣ ከአልጋቸው አጠገብ ያለውን ግድግዳ ያንኳኩ ጀመር፤ ሁለቴ ፈጠን፣ ከዚያ ቆም ብለው አንዴ። የጣታቸው አንጓ ሲላጥ እጃቸውን ልንይዝ ብንሞክር «ተዉኝ፣ ልጅቷ ገና አልወጣችም» አሉን። ፈራን፤ መፍራታችንን አንደብቅም። ከቀትር በኋላ ድንገት አቆሙ። ፊታቸው በራ። «እኔ ነኝ ለካ» አሉና በ69 ዓመታቸው ዐረፉ።

እናታችን የሁለት ልጆች እናትና የአራት ልጆች አያት ነበሩ። ያቺ ትንሽ ልጅ ዛሬ ነርስ ናት፤ ከእኛ ጋር ተቀምጣለች። የተላጠ እጃቸውን አጥባ በነጭ ጨርቅ የጠቀለለችው እርሷ ናት።

ፈጣሪ ነፍሳቸውን በሰላም ይቀበል፤ ያቺን እጅም አሁን ያሳርፍልን።