ከይሁኔ ጋር ተቆራኝቼ ቡሬ የሄድሁ ለታ

ዓለሜ ስሜነህ፣

ከተለየኸኝ ሁለተኛው ክረምት ወጣ። አፈሩ ቀሎህ ይሆን? እኛ ደኅና ነን። በሬህ ቦራ አኩራፊ ሆኗል፤ ቀንበር ሲያይ ፊቱን ያዞራል። ጣሊያንም እንደተውኸው አለ፤ ከተማው የእሱ፣ ጫካው የአርበኞቹ። የቄስ ልጅ መሆኔ በጀኝና ይህን በራሴ እጅ እጽፍልሃለሁ፤ ለሌላ ሰው ነግሬ የማስጽፈው ጉድ አይደለም።

የአጎትህ ልጅ ይሁኔ አንተን ቀብሮ፣ አልቅሶ፣ ተዝካርህን በልቶ ሲያበቃ፣ ዕድሜ ልካችሁን የተሟገታችሁበትን ወይራ ሥር ያለውን ማሳ እንደገና ይገባኛል አለ። ያ ማሳ ከሄደ ለልጆቻችን የማበላው ጤፍ እንደሌለኝ ታውቃለህ። ደሜ ፈላ።

በዚያ ሰሞን ጣሊያኑ ቡሬ ምሽግ ውስጥ የመሬት ክርክር ብቻ የሚያይ ልዩ ችሎት አቁሞ ነበር። የአጥቢያ ዳኛ መሬት ነክ ነገር እንዳያይ በአዋጅ ተነገረ። ባገሩ ዳኛ ሁሉ ፊት አንተ ረተኸው ስለጨረስህ፣ ለይሁኔ ሠርግና ምላሽ ሆነለት።

ታዲያ ባላጋራ ከባላጋራው ሳይቆራኝ ዳኛ ፊት አይሄድም ብሎ፣ እንደ አባቶቻችን ወግ የነጠላዬን ጫፍ ከጋቢው ጫፍ ጋር ቋጠረው። እንዳላመልጠው መሆኑ ነው! መንገድ ላይ አንዲት ገበያተኛ አይታን ትዳራችሁን ይባርክላችሁ ብላ መረቀችን። ይሁኔ አሜን አይል መሰለህ! ምን ነካህ ስለው ምርቃት እምቢ አይባልም አለኝ።

ችሎት ስንቀርብ ጣሊያኑ ቋጠሮውን አየና ከአስተርጓሚው ጋር ብዙ ተነጋገረ። አስተርጓሚው የሩቅ አገር ሰው ነው፤ የእኛን ወግ ከየት ያውቀዋል? ገና አፋችንን ሳንከፍት ተፈረደብን። ይህ ችሎት የመሬት እንጂ የባልና ሚስት ጠብ የማየት ሥልጣን የለውምና ወደ ቄሳችሁ ሂዱ ተባልን። ይሁኔ ስለ ወሰኑ መጮኽ ሲጀምር፣ ሚስቱን በሰው ፊት የሚያዋርድ ባለጌ ተብሎ በዘበኛ ተገፍቶ ወጣ። እኔም ቋጠሮው እየጎተተኝ ተከተልሁት።

ስንመለስ አርበኞቹ መንገድ ላይ ያዙንና የጫካው ዳኛ ፊት አቀረቡን። እኒህ ሽማግሌ ዳኛ በጠላት ችሎት የተዳኘ ሰው ርስቱን ያጣል ብለው ደንግገው ነበርና ይሁኔ ቋጠሮውን ለመፍታት ይታገል ጀመር። ምን ተፈረደላችሁ ብለው ሲጠይቁን፣ ባልና ሚስት ናችሁ ተብለናል አልሁ። እኒያ ቁጡ ሽማግሌ ጠመንጃቸውን ተደግፈው እንባቸው እስኪፈስ ሣቁ። ጠላት ባገራችን የመዳኘት ሥልጣን የለውምና ፍርዱ ፈራሽ ነው፣ ባልና ሚስትም አይደላችሁም አሉ። ይሁኔ ትንሽ ቅር ያለው መሰለኝ። ካልተዳኛችሁም ርስታችሁን አታጡም ብለው ማሩን። ስለ ማሳው ግን ይሁኔ የፊታችን እሑድ መቃብርህ ላይ ቆሞ የእኔ ነው ብሎ ይማል፣ ከማለ ይውሰደው ብለው ፈረዱ።

እዚህ ላይ ሣቄ ጠፋ። ይሁኔ ለመማል እንደማይሰንፍ አንተም ታውቃለህ። እስከ እሑድ ድረስ እህል ባፌ አልዞረም፤ ልጆቹን ባየሁ ቁጥር ጎታ ውስጥ የቀረውን ጤፍ እሰፍር ነበር።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ይሁኔ የአገር ሽማግሌዎች ባሉበት መቃብርህ ራስጌ ቆመ። እጁን አነሣና ይህ ማሳ ብሎ ጀመረ። ከዚያ ጆሮውን ወደ መቃብርህ አዘነበለ። አንተ እንድትመልስለት የሚጠብቅ ይመስል ነበር። ዕድሜ ልኩን አንድ ቃል በተናገረ ቁጥር አንተ ዐሥር ስትመልስለት የኖረ ሰው አይደል? ቢጠብቅ፣ ቢጠብቅ መልስ የለም። ጋቢውን ባፉ ላይ አድርጎ ተንሰቀሰቀ። የሚመልስልኝ ከሌለ ምን ሙግት አለ ብሎ ሳይምል ተመለሰ። ያን ቀን አዘንሁለት፤ አንተም ናፈቅኸኝ።

ደጃችን ድረስ ሸኝቶኝ ሲያበቃ ቀስ ብሎ አንድ ነገር ለመነኝ። ይሁኔ ተወልኝ ብለሽ እንዳታወሪ፣ ስሜነህ ረታው በይ አለኝ። እሺ አልሁት። ጤፉ አሁን አሽቷል። የማን ነው ብሎ ለሚጠይቀኝ ሁሉ፣ እስክሞት ድረስ፣ ባሌ ከተቀበረ በኋላ ተሟግቶ የረታበት ማሳ ነው እላለሁ።

ያንተዋ ጥሩነሽ