«ይቁም» ያልኩት እኔ ነኝ

ወዳጄ ኢግናዚ፣

ባርሴሎና ሲኒማ ገባሁ ብዬ መንደሩን ያስወራሁት ሥራ፣ ሴቶች ለሴቶች በሚሠሩት የወሲብ ፊልም ላይ መብራት መያዝ ነው። እንደ መንደራችን የገና ቴአትር ጩኸት የለም። ዳይሬክተሯ ኑሪያ ጠዋት ሁላችንንም ክብ አስቀምጣ፣ «ያልተመቸው ሰው ‹ይቁም› ካለ ሁሉም ይቆማል» አለች። እኔ ጀግናው፣ ይሄ ለተዋናዮቹ ነው ብዬ ናቅሁት።

ተዋናይቷ ጁዲት ገና አንድ ካልሲ ስታወልቅ መብራቱን ወደ ጣሪያው አዞርኩት። «ይቁም!» ብዬ ጮህኩ። አለቀልኝ፣ ተባረርኩ ስል አጨበጨቡልኝ።

«አይዞህ የኔ ጌታ፣ ካልሲዬን መልሼ ልልበሰው?» አለችኝ ጁዲት።

ኑሪያ ደግሞ፣ «ገደቡን የሚያውቅ ወንድ አግኝተንማ አንለቅም!» ብላ ለምሳ እንደ አገራችን ወግ ዳቦው ላይ ቲማቲም እያሸሁ እንዳቀርብ ሾመችኝ።

ፖስት ካርዱ ላይ ቦታ አለቀብኝ። እናቴን ሳምልኝ፤ ሥራዬን ከጠየቀችህ ወጥ ቤት ነው በላት። የሚያሳፍረው ውሸት አለመሆኑ ነው።

ያንተው ኦሪዮል