በቴሌቪዥን ሰባት ጊዜ የሞቱት የወይዘሮ ሉዚኔቴ የሕይወት ታሪክ

ወይዘሮ ሉዚኔቴን በትወና ያሸነፈ ሰው በዓለም ላይ አንድ ብቻ ነው፤ እሱም ይህን የምጽፈው እኔ፣ ኤዶም ነኝ። አሥራ ስድስት ዓመቴ ነው። ሟቿ የእናቴ የወይዘሮ የትነበርሽ ታላቅ ወንድም፣ የአጎቴ የአቶ አዘዘ ባለቤት ናቸው። በሕይወት እያሉ «ሉዚ፣ አንቺ» ነበር የምላቸው። እዚህ ዴን ሃግ ያለው የኢትዮጵያውያን ማኅበራችን ሊቀ መንበር ጋሽ ወንድይራድ ግን «የሕይወት ታሪክ በአክብሮት ነው የሚጻፈው፤ ቀልድም አይገባበትም» ስላሉኝ በአክብሮት ጽፌዋለሁ። ስለ ቀልዱ ቃል አልገባሁም።

ወይዘሮ ሉዚኔቴ ካቫልካንቲ ከአባታቸው ከአቶ ሴቨሪኖ እና ከእናታቸው ከወይዘሮ ጆዜፋ እ.ኤ.አ. ማርች 11 ቀን 1961 በሰሜን ምሥራቅ ብራዚል፣ ኦሊንዳ በምትባል የባሕር ዳር ከተማ ተወለዱ። አባታቸው ሬሲፌ ወደብ ላይ የስኳር ጆንያ የሚሸከሙ ወዛደር፣ እናታቸው ልብስ ሰፊ ነበሩ። ዕድሜያቸው ለትምህርት ሲደርስ መነኮሳይያት በሚያስተምሩበት ትምህርት ቤት ገቡ። ዘጠኝ ዓመት ሲሆናቸው በትምህርት ቤቱ ተውኔት ላይ የሞተች ልጅ ሆነው እንዲተኙ ተደረገ። ትንፋሻቸውን ውጠው ዝም ሲሉ አያታቸው ከመቀመጫቸው ተነሥተው «ልጄን!» ብለው ጮኹ፤ ተውኔቱም እዚያው ላይ ተቋረጠ። ሉዚ ይህን ሲያወሩ ይስቁ ነበር። እኔን ግን ከታሪኩ ሁሉ የሚሰማኝ የአያትየው ጩኸት ነበር።

እ.ኤ.አ. በ1979 ሁለተኛ ደረጃን አጠናቀው ሬሲፌ ውስጥ ከአንድ የቲያትር ቡድን ጋር ሥራ ጀመሩ። በ1983 ወደ ሪዮ ዴ ጄኔሮ ሄደው ቴሌቪዥን ገቡ። በ1984 ሴት ልጃቸውን ኤዲሌኔን ወለዱ፤ የመጀመሪያ ትዳራቸው ግን ብዙም አልቆየም። በአሥራ አራት ዓመት ውስጥ በዘጠኝ ተከታታይ ድራማዎች ተጫውተው በሰባቱ ሞተዋል። ሰምጠው ሞተዋል፤ ከገደል ተገፍተው ሞተዋል፤ አንዴም በሠርጋቸው ቀን እባብ ነድፏቸዋል። ዳይሬክተሮቹ «እንደ ሉዚኔቴ የሚሞትልን የለም» ይሉ እንደነበር ራሳቸው ነግረውኛል፤ ሌላ ምስክር የለኝም።

በ1991 በሽተኞቿን የምትመርዝ ነርስ ሆነው ተጫወቱ። ብራዚል በሙሉ አወቃቸው፤ አውቆም ፈራቸው። አንድ ቀን አውቶቡስ ውስጥ አንዲት ሴትዮ «አንቺ አውሬ!» ብለው በጃንጥላ ጭንቅላታቸውን መቷቸው። ባለሱቁ የነኩትን ብርቱካን መልሶ ለሌላ ሰው አይሸጥም ነበር። የሰባት ዓመቷ ኤዲሌኔ ትምህርት ቤት «የነፍሰ ገዳይ ልጅ» ተብላ እያለቀሰች ትመጣ ነበር። ሉዚ ሁለት ዓመት ሙሉ አውቶቡስ አልተሳፈሩም። «ሰው የሚሸሸውን ፊት ተሸክሞ መስተዋት ማየት ያስፈራል» ብለውኛል አንዴ።

ከሠሯቸው ሦስት ፊልሞች የመጨረሻው በጃንዋሪ 1998 ሮተርዳም በተደረገ የፊልም ፌስቲቫል ላይ ታየ። ሉዚም በነጠላ ጫማና ያለ ኮት መጡ። አዳራሹ በር ላይ ሰዎች ተሰልፈው ሲያዩ ነገሩ ምን እንደሆነ ሳይገባቸው ተሰለፉ፤ ተራቸው ሲደርስ ለካ ኮት ማስረከቢያ ነው። ኮት ተቀባዩ አጎቴ አዘዘ ነበሩ፤ በስደት ከመጡ ስድስት ዓመታቸው ነበር። እንዳያፍሩ ብለው ዝም ብለው ቁጥር ሰጧቸው። ሲወጡ ሉዚ ቁጥሩን መለሱ፤ አጎቴም የራሳቸውን ኮት አውጥተው አለበሷቸው፤ እሳቸው በሹራብ ወደ ቤታቸው ሄዱ። ሳል ይዟቸው አንድ ሳምንት ተኙ ይባላል። በ2000 ዴን ሃግ ማዘጋጃ ቤት ተጋቡ። በ2001 ሉዚ ሮተርዳም ባለችው ቤተ ክርስቲያናችን ወለተ ሐና ተብለው ተጠምቀው ጋብቻቸውን በቅዱስ ቁርባን አጸኑ። አማርኛ ከእኔ አሻሽለው ይናገሩ ነበር፤ ይህን እናቴ በየቀኑ ታስታውሰኛለች።

ኤዲሌኔ ግን አልመጣችም። የመምጫ ወረቀቷ ሲያልቅላት አሥራ ስድስት ዓመቷ ነበር፤ ከአያቷ ጋር ቀርታ በስልክ «ሰባት ጊዜ ሞተሽ ተመልሰሻል፤ የአሁኑ ስምንተኛው ነው፤ ከዚህኛው አትመለሺም» አለቻቸው። ከዚያ በኋላ በገናና በልደት ቀን ብቻ ነበር የሚደዋወሉት፤ እሱም ስለ አየር ሁኔታ።

እዚህ አገር ትወናን አልተዉም፤ ትወናው ነው የተዋቸው። አምስተርዳም እየተመላለሱ አሥራ አንድ ጊዜ ተፈትነው አንድ ሚና አገኙ፤ ወለል የምታጸዳ፣ ቃል የማትናገር ሴት። ከ2004 እስከ 2024 ዞተርሜር ባለ የአረጋውያን መኖሪያ ማዕድ ቤት ሠሩ። እሑድ እሑድ የሰንበት ትምህርት ቤታችንን ልጆች ተውኔት ያስተምሩ ነበር። ሄሮድስን ለሦስት ዓመት የተጫወትኩት እኔ ነኝ፤ ሕፃናት አይተውኝ አልቅሰዋል።

ባለፈው የገና ሰሞን ሉዚ መክሳት ጀመሩ። ከብዙ ምርመራ በኋላ ፌብሩዋሪ 24 ቀን 2025፣ የዐቢይ ጾም መግቢያ ሰኞ፣ ሆስፒታል ውጤት ለመስማት ተጠራን። የሉዚ ሆላንድኛ የማዕድ ቤት ሆላንድኛ ስለነበር፣ አጎቴም «ለእንዲህ ያለ ነገር አፌ አይታዘዝልኝም» ስላሉ፣ እኔ አስተርጓሚ ሆኜ ሄድኩ። ከመግባታችን በፊት እናቴ በኮሪደሩ ወደ ጥግ ጎተተችኝ።

«ክፉ ነገር ከሆነ ጨጓራ ነው በይ።»

«እማዬ፣ ውሸት እኮ ነው።»

«ለበሽተኛ እንዲህ ያለ ነገር በፊቱ አይነገርም። በሽታው ሳይሆን ወሬው ነው የሚገድለው። ጋሽ ወንድይራድም ተስማምተዋል።»

ገባን። ሐኪሟ ቀስ እያለች ስምንት ደቂቃ ተናገረች። የቆሽት ካንሰር አለች። ተሰራጭቷል አለች። ወራት አለች። አጎቴ ባርኔጣቸውን ጭናቸው ላይ እያሽከረከሩ እኔን ብቻ ያዩ ነበር። ሉዚም ወደ እኔ ዞሩ።

«ጨጓራ ነው አለች» አልኳቸው።

«ተመስገን» አሉ ሉዚ፣ ፈገግም አሉ። ሐኪሟ ፈገግታቸውን አየች፤ ከዚያ እኔን አየችኝ። ያ አስተያየት ሦስት ወር ሙሉ አልጋዬ ድረስ ሲከተለኝ ነበር። የሰጠችንን የበሽታ መግለጫ ወረቀት እጅጌዬ ውስጥ ሸጉጬ ወጥቼ ሆላንድስ ስፖር ባቡር ጣቢያ ቆሻሻ መጣያ ውስጥ ጣልኩት። ሰው ያየኝ ይመስል እየሮጥኩ ነው ላክ ሰፈር ወዳለው ቤታችን የሄድኩት።

ከዚያን ቀን ጀምሮ ትራንስቫል ሰፈር ባለው ቤታቸው ሁላችንም ተዋናይ ሆንን። የማኅበሩ ሰው ሁሉ ለጨጓራ ይሆናል ብሎ ተልባ ተሸክሞ ይመጣ ነበር፤ ሉዚም ጠዋትና ማታ ይጠጡታል። አጎቴ ሳህን ሲያጥቡ ቧንቧውን እስከ መጨረሻው ይከፍቱታል፤ ለምን እንደሆነ እናውቃለን። እኔ ስልክ ሲጠራ እፈራለሁ። ፖስታ በሩ ሥር ሲወድቅ እፈራለሁ። ከሁሉ የምፈራው ግን የራሴን ፊት ነበር። ወደ ላይ ከመውጣቴ በፊት አሳንሰሩ መስተዋት ፊት ቆሜ ፈገግታዬን አስተካክል ነበር።

ከፋሲካ በኋላ አንድ ቀን፣ አጎቴ አጠገባችን ብርቱካን እየላጡ ሳለ፣ ሉዚ «ኤዶም፣ ስልክሽን አውጪ» አሉኝ። «የኦገስት ትኬት ፈልጊልኝ። ጨጓራዬ ይሻለኛል፤ ሬሲፌ ሄጄ ልጄን ላያት።»

የአጎቴ ቢላ ቆመ። ሐኪሟ ያለችውን በልቤ ቆጠርኩ፤ ኦገስት የለም።

«ኢንተርኔቱ አይሠራም» አልኩ።

«ጠብቂው፤ ይሠራል» አሉ።

ከዚያ በኋላ እንቅልፍ አጣሁ። ዝም ካልኩ እናትና ልጅ ሳይተያዩ ይለያያሉ፤ ከተናገርኩ ደግሞ ገዳያቸው እኔ ነኝ። የኤዲሌኔን ቁጥር አግኝቼ በስልኬ እያስተረጎምኩ በፖርቱጋልኛ መልእክት ጻፍኩ፤ አጠፋሁት። ሦስት ጊዜ ጻፍኩ፤ ሦስት ጊዜ አጠፋሁት። በመጨረሻ ለእናቴ «እንንገራቸው በቃ» አልኳት።

«በሦስት ቀን ብትሞት በማን እጅ ይሆናል? በአንቺ እጅ?» አለችኝ። በማግሥቱም አሳንሰሩ መስተዋት ፊት ቆሜ ፈገግታዬን አስተካከልኩ።

ሜይ 15 ቀን፣ ሐሙስ፣ ከትምህርት ቤት ወደ እነሱ ቤት ሄድኩ። አጎቴ ገበያ ወጥተዋል፤ ሉዚ ሶፋው ላይ ብርድ ልብስ ተከናንበዋል።

«ቅዳሜ ትምህርት የለሽም አይደል?»

«የለኝም።»

«እንግዲያው ስኪፕሆል አውሮፕላን ማረፊያ ሂጂልኝ። ኤዲሌኔ ትመጣለች፤ መንገዱን አታውቅም።»

ቦርሳዬን እንዳዘልኩ ቆሜ ቀረሁ። «ማነው የነገራት?»

«እኔ።»

«ምን ብለሽ?»

«እናትሽ ልትሞት ነው፣ ነይ ብዬ። ሌላ ምን ይባላል?»

ምንጣፉ ላይ ተቀመጥኩ። ለካ ሐኪሟ ውጤቱን በሰማን ማግሥት ጠዋት ደውላላቸው፣ ፖርቱጋልኛ የሚናገር አስተርጓሚ በስልክ አገናኝታ፣ ሁሉንም ነገር እንደገና ነግራቸዋለች።

«ስምንት ደቂቃ አወራች፤ አንቺ ሦስት ቃል ተናገርሽ» አሉኝ። «አማርኛ አጭር ነው፤ ያን ያህል ግን አያጥርም።»

«ታዲያ ያን ሁሉ ተልባ ለምን ጠጣሽ?»

«አዘዘ ፈርቷል። ማወቄን ካወቀ ይሰበራል። እሱ ለእኔ ይጫወታል፤ እኔም ለእሱ እጫወታለሁ።»

«የኦገስቱ ትኬትስ?»

«አዘዘ እየሰማ ነበር። ደግሞ አንቺን አየሁሽ፤ ትናገር ይሆን ብዬ። ብትናገሪ ደስ ይለኝ ነበር።»

ያን ጊዜ አለቀስኩ። «ሉዚ፣ አትፈሪም?» አልኳቸው።

ፊታቸው ላይ ምንም ትወና አልነበረም። እንደዚያ አይቻቸው አላውቅም። «በጣም እፈራለሁ» አሉ። «ቴሌቪዥን ላይ ስሞት ቀጥሎ ምን እንደሚመጣ አውቅ ነበር፤ ምሳ ነው። አሁን አላውቅም።» እጄን ያዙኝ፤ አጎቴ ቁልፋቸውን በሩ ላይ እስኪያንቀጫቅሉ አልለቀቁኝም።

ቅዳሜ ኤዲሌኔን ተቀብዬ በባቡር አመጣኋት። የአርባ አንድ ዓመት ሴት ናት፤ መንገዱን ሁሉ ጥፍሯን ስትበላ ነበር። በሩ ላይ ስትደርስ ልትገባ ፈራች። ሉዚ ከተቀመጡበት አንድ ነገር በፖርቱጋልኛ አሏት፤ ሻንጣዋን ጥላ ሮጠች። «ይሄኛው እውነተኛው ነው፤ እንዳያመልጥሽ» ማለታቸው እንደነበር በኋላ በእንግሊዝኛ ነገረችኝ። አጎቴ ኤዲሌኔን አዩ፤ ሻንጣዋን አዩ፤ ከዚያ ግድግዳውን ተደግፈው ቀስ እያሉ መሬት ተቀመጡ። ሉዚ አጠገባቸው እስኪደርሱ ረጅም ጊዜ ወሰደባቸው። ሲደርሱም ትከሻቸውን ይዘው «አዘዘ፣ ያን ተልባ ከቤቴ አውጣልኝ» አሏቸው። ሁለቱም ሳቁ፤ ከዚያ ሳቁ ሌላ ነገር ሆነና እኔና ኤዲሌኔ ወደ ማዕድ ቤት ገባን።

እናትና ልጅ አንድ ወር በአንድ ክፍል አደሩ። ምን እንዳወሩ አላውቅም፤ በግድግዳው የሚሰማው ፖርቱጋልኛ አንዳንዴ ጭቅጭቅ፣ አንዳንዴ መዝሙር ይመስል ነበር። ወይዘሮ ሉዚኔቴ፣ በክርስትና ስማቸው ወለተ ሐና፣ ጁን 17 ቀን 2025፣ ማክሰኞ ጠዋት፣ ልጃቸው በቀኝ፣ ባለቤታቸው በግራ እጃቸውን እንደያዙ በስድሳ አራት ዓመታቸው ዐረፉ። እኔ አልጋው ግርጌ ቆሜ ነበር። ይነሡ ይሆናል ብዬ ብዙ ጠበቅኩ።

ባለቤታቸውን አቶ አዘዘን፣ ልጃቸውን ወይዘሮ ኤዲሌኔን፣ እናቴን የትነበርሽን፣ ያስተማሯቸውን የሰንበት ትምህርት ቤት ልጆችና እኔን ትተዋል። አምላከ ወለተ ሐና ነፍሳቸውን ከደጋጎቹ ጋር ያሳርፍልን፤ የፈሩትን ሁሉ ብርሃን ያድርግላቸው። ለአጎቴ ብርታት፣ ለኤዲሌኔም መጽናናት ይስጥልን። አሜን።

ጋሽ ወንድይራድ «ይህን ለማን አሳይተሽ ጻፍሽው?» ብለውኛል። ለራሳቸው ለሉዚ ነው ያሳየሁት። ከማረፋቸው አምስት ቀን በፊት፣ እስከ ስኪፕሆሉ ድረስ ያለውን አነበብኩላቸው። ዓይናቸውን ጨፍነው እስከ መጨረሻው ሰሙኝ። ጉንጫቸው ረጠብ ያለ መሰለኝና «እንዴት ነው? ሰው ሁሉ ያለቅሳል፣ አይደል?» አልኳቸው።

አንድ ዓይናቸውን ገለጡ።

«ኤዶም፣ የምሞተው እኔ ነኝ። አንቺ እዚህ ውስጥ ምን ትሠሪያለሽ?»