በር ሳያንኳኩ የማይከሱት ነገረ ፈጅ

በወደብ ሰዎች ዘንድ «ጋሼ ቀን ቆጣሪ» በሚል ቅጽል የሚታወቁት አጎታችን፣ ከወደብ ወዛደር አባታቸውና ከጆንያ ሰፊ እናታቸው፣ ሚያዝያ 3 ቀን 1946 ዓ.ም. ከወደቡ አጥር ጀርባ ባለች ባለ አንድ ክፍል ቤት ተወለዱ። ከስድስት ልጆች አራተኛው ስለነበሩ ወረፋ መጠበቅን የተማሩት ያኔ ነው ይባላል።

ትምህርታቸውን በተወለዱበት ሰፈር አጠናቀው በ1965 ዓ.ም. በወደቡ የመጋዘን ጸሐፊ ሆነው ተቀጠሩ። ሥራቸው ከመርከብ ወርዶ ባለቤቱ ያላነሳው ዕቃ ስንት ቀን እንደተኛ መመዝገብ ነበር፤ ቅጽሉም ከዚያ መጣ። እየሠሩ ሕግ ተምረው በ1975 ዓ.ም. የወደቡ ነገረ ፈጅ ሆኑ። ከዚያ ወዲያ ሠላሳ አንድ ዓመት ሙሉ ኑሯቸው አንድ ነገር ነበር፤ ዕቃ አስመጥቶ የጠፋን ሰው ፈልጎ የተጠራቀመውን የወደብ ክፍያ ማስከፈል። አድካሚ ሥራ ነው። ተከሳሹ ወይ ከስሯል፣ ወይ አድራሻ ቀይሯል፣ ወይ «ነገ» ይላል።

በ1977 ዓ.ም. ማስጠንቀቂያዎቻቸውን በታይፕ ይጽፉላቸው ከነበሩት ባለቤታቸው ጋር ትዳር መሥርተው ሁለት ሴቶችና አንድ ወንድ ልጅ አፈሩ። እትዬ እስከ ዛሬ «እኔ የታጨሁት በማስጠንቀቂያ ደብዳቤ ነው» እያሉ ይቀልዳሉ።

በ1983 ዓ.ም. የሆነውን እሳቸው ቢሰሙ እንዲነበብ አይፈቅዱም ነበር። አንድ ዳቦ ጋጋሪ ያስመጡት ምድጃ ዓመት ሙሉ ሳይነሳ ቀረ። በስማቸው ሦስት ማስጠንቀቂያ ተላከ፤ መልስ የለም። ጋሼ ከሰሱ፣ በሌሉበት ተፈረደ፣ ቤቱን ለማስያዝ ከፍርድ አፈጻጸም ሹሙ ጋር ሄዱ። በሩን የከፈቱት የጋጋሪው ባለቤት ከመሳቢያ ውስጥ ሦስት ያልተከፈቱ ፖስታዎች አወጡ። «የሱ ስም ያለበትን ደብዳቤ ልክፈት ብል እጄ እምቢ አለኝ» አሏቸው። ጋጋሪው ያረፉት መርከቡ ሳይደርስ ነበር። ሴትዮዋ የመጀመሪያውን ደብዳቤ አንብበው «ዕቃውን ትተናል» ብለው ቢፈርሙ ኖሮ ቆጠራው ያኔውኑ ይቆም ነበር፤ አሁን ግን ክፍያው የምድጃውን ዋጋ አልፎ ቤታቸውን ሊወስድ ደርሷል።

ጋሼ በማግስቱ ፍርድ ቤት ቀርበው «የከሰስኩት የሞተ ሰው ነው፤ ፍርዱ ይነሳ» ብለው አመለከቱ። ቤቱ ተረፈ፤ ወደቡም ከምድጃው ሽያጭ ባገኘው ተወሰነ። የእሳቸው እድገት ግን እዚያው ላይ ቆመ። ከስድስተኛው መጋዘን ጀርባ ጣራዋ የሚያፈስ ክፍል ተሰጥቷቸው፣ በ2006 ዓ.ም. ጡረታ እስኪወጡ እዚያችው ተቀመጡ። ከምድጃው ነገር ወዲህ ግን ክስ ከመመሥረታቸው በፊት ደብዳቤውን ራሳቸው ይዘው በር ያንኳኩ ነበር። የመጀመሪያ ጥያቄያቸውም «ባለ ስሙ በሕይወት አሉ?» የሚል ነበር። ስንቱ ፊቱን አጥቁሮባቸዋል፣ ስንቱ ውሻ ለቆባቸዋል። በሕይወት ያለውን ግን አይለቁም ነበር፤ ይህም አይካድም። ቤት ገብተው ጫማቸውን ሲያወልቁ «ደከመኝ» ይላሉ፤ ሌላ አይሉም።

በመጨረሻ ኩላሊታቸው ታመመ። ባሕር ማዶ የምትኖረው ትልቋ ልጃቸው ከወገብ በላይ ቀና የሚል አልጋ ላከችላቸው። አልጋው ወደብ ሲደርስ የቀድሞ ባልደረቦቻቸው ቶሎ እናውጣልዎ ቢሏቸው «እንደ ሰው ወረፋዬን እይዛለሁ» አሉ። ወረፋው ሳይደርሳቸው ሆስፒታል ገቡ፤ እኛም በእሳቸው ተጠምደን አልጋውን ረሳነው። ያለ ክፍያ የሚቆይበት ጊዜ አለፈ። ሐኪሞቹ ወደ ቤት ውሰዷቸው ካሉ በኋላ ትራስ እየተደራረበላቸው ሦስት ሳምንት ሰነበቱ፤ ትናንት የካቲት 9 ቀን 2016 ዓ.ም. ከጠዋቱ አንድ ሰዓት ላይ፣ በተወለዱ በስልሳ ዘጠኝ ዓመታቸው ዐረፉ።

ገና ለጎረቤት ሳይነገር፣ ሦስት ሰዓት ላይ በር ተንኳኳ። እሳቸው አሠልጥነው ቦታቸውን ያስረከቧት ነገረ ፈጅ ነበረች፤ የአልጋውን ማስጠንቀቂያ ይዛለች። ዓይኗን ሰብራ «እትዬ፣ ይቅር ይበሉኝ፤ ጋሼ ማንንም ቢሆን ሳትጠይቂ እንዳታልፊ ብለውኛል። ባለ ስሙ በሕይወት አሉ?» አለች። እትዬ ወረቀቱን ተቀብለው፣ መነጽራቸውን አድርገው እስከ መጨረሻው አነበቡት። «እስከ አንድ ሰዓት ድረስ ነበሩ» አሏት። ከዚያ ጀርባው ላይ «ዕቃውን ትተናል» ብለው ጽፈው ፈረሙና መለሱላት። ልጅቷ ደብዳቤውን እንደያዘች ደጃፉ ላይ ተቀምጣ አለቀሰች።

አጎታችን ባለቤታቸውን፣ ሦስት ልጆቻቸውን፣ አምስት የልጅ ልጆቻቸውንና ሁለት እህቶቻቸውን ትተው ሄደዋል። ዕድሜያቸውን በሰው ደጅ ሲቆሙ ኖረዋልና ፈጣሪ በሩ ላይ ሳያስጠብቅ ያስገባቸው። ደክሟቸዋል፤ ያሳርፍልን።

የእህታቸው ልጅ