ለዕድሩ የተሰጠው ሸራ

ረቡዕ፣ ሰኔ 25፣ ከሰዓት

ዛሬም ከቴፒ ሚዛን ደርሼ ባዶ እጄን ተመለስኩ። ሚኒባሱ ጭቃ ያዘው፤ ወርደን ገፋን፤ ጫማዬ አለቀለት። የአባዬን የትርፍ ሰዓትና ያልወጣበትን የዓመት ፈቃድ ክፍያ ይሠራበት የነበረው ዩኒቨርሲቲ አሁንም አልሰጠንም። የወራሽነት ወረቀት ከፍ/ቤት አውጥተናል፤ እኔና እማዬ ብቻ ነን። አሁን ደግሞ ክሊራንስ አሉኝ። አባዬ የቴፒ ግቢ የቡና ማሳ ካቦ ስለነበር ፈርሞ የወሰደው ዕቃ ሁሉ ይመለስ ነው። እስከ ሰኞ፣ ሰኔ 30። ከዚያ በጀት ይዘጋል። ካለፈ ለከርሞ፤ ለከርሞ የተባለ ደግሞ መቼ እንደሚከፈል የፋይናንሷ ልጅ ራሷ አታውቅም። እየሳቀች ነው የነገረችኝ። ጥርስሽ ይርገፍ ልላት ነበር፤ ተውኩት።

አከራያችን ሐምሌ መጨረሻ ልቀቁ ብሏል። አባዬ የጀመረው ቤት ግድግዳ እንጂ ጣሪያ የለውም። ይህ ገንዘብ ቆርቆሯችን ነው፤ ሌላ የለንም።

ሐሙስ፣ ሰኔ 26

ንብረት ክፍል። የመድኃኒት መርጫው ተመልሷል። ቦቲው፣ አካፋው፣ ተመልሷል። የቀረ አንድ፦ የቡና ማድረቂያው ትልቅ ሸራ።

የት እንዳለ አውቃለሁ ደብተሬ። አባዬ የሞተ ዕለት የዕድሩ ድንኳን ተቀዶ ዝናቡ ለቀስተኛው ላይ ሲወርድ የሥራ ባልደረቦቹ ሸራውን አምጥተው ወጠሩልን። በሣልስቱ እማዬ የራሱ የአባዬ መስሏት ለዕድሩ ይሁን ብላ ሰጠች። ዕድርተኞቹ መረቁን። እኔም አሜን አልኩ።

ማታ ለእማዬ ነገርኳት። የሰጠሁትን በምን አፌ ልጠይቅ አለች። እኔ አፍ አለኝ አልኳት።

ዓርብ፣ ሰኔ 27

ጋሽ ሙስጠፋ ሱቅ። የዕድራችን ዳኛ ናቸው፣ የጅማ ሰው። ጾም ላይ ስለሆኑ ድምፃቸው ዝቅ ብሏል። አልተቆጡም። የመንግሥት መሆኑን ባውቅ መች እቀበል ነበር አሉ። ንብረት ክፍል ለቆጠራ ስለዘጋ ሰኞ ጠዋት ትወስጃለሽ አሉኝ። አሮጌውን ድንኳን አይጥ ጨርሶታል፤ ሌላ እስኪገዙ ሰው ባይሞት ነው የሚሻለው።

እማዬን ቆርቆሮሽ መጣ አልኳት። ሳቀች። አባዬ ከሞተበት ከመጋቢት ወዲህ ስትስቅ አላየኋትም ነበር።

ቅዳሜ፣ ሰኔ 28

የጎረቤታችን የእትዬ ብርሃኔ ባል ጠዋት አረፈ። ሸራው ደጃቸው ተወጥሯል። ዝናቡ አላባራም። እስከ ማክሰኞ አይነሳም።

እሑድ፣ ሰኔ 29

ከቸርች በቀጥታ ለቅሶ ቤት። እውነቱን ልንገርሽ፣ የሄድኩት ሸራውን ላስፈታ ነው። ለንብረት ኃላፊው ደውዬ እስከ ረቡዕ ታገሱኝ ብዬ ነበር። አይሆንም አለ። ወይ ሸራው ይመጣል፣ ወይ አላስረከበም ተብሎ ይፈረምና ዋጋው ከገንዘቡ ይቆረጣል። በዛሬ ገበያ።

ጋሽ ሙስጠፋ ከሩቅ ያዩኛል። ቃል ሰጥተዋል፤ ፍቱልኝ ብል ይፈቱልኛል። እትዬ ብርሃኔ አቅፋኝ አለቀሰች። በእኛ ለቅሶ ሦስቱንም ቀን ከእማዬ አጠገብ ያልተነሳች ሴት ናት። አንቺም ታውቂዋለሽ ይሄን፣ አለችኝ። ዝናቡ ሸራውን ይደበድበዋል። ከሥሩ የረጠበ ሰው የለም። አፍ አለኝ ያልኩት እኔ ንፍሮ ዘግኜ ተቀመጥኩ።

ሰኞ፣ ሰኔ 30፣ ጠዋት

አላስፈታሁም። አላስፈታም።

ዋጋው ሲቆረጥ ቆርቆሮው ለአንዱ ክፍል ቢበቃ ነው። ሌሊቱን ያስለቀሰኝ ግን እሱ አይደለም። አባዬ ከግቢው ሚስማር ይዞ ገብቶ አያውቅም። እናቱ ስትሞት እንኳ የመሥሪያ ቤቱን ባትሪ ሳይመልስ ለቅሶ አልተቀመጠም። ዛሬ ፋይሉ ላይ የመንግሥት ንብረት አላስረከበም ተብሎ ይጻፋል። የምፈርመው እኔ፣ ልጁ። ያንገበግበኛል።

ለእማዬ ነገርኳት። ከተከፈለበት ሸራው የዕድሩ ነው ማለት ነው? አለች። አዎ አልኳት። ነጠላዋን አዘቅዝቃ ወደ ለቅሶው ወጣች። በሩ ላይ ዞር ብላ፣ ሄደሽ ፈርሚ፣ የአባትሽን ስም ግን ሳታፍሪ እስከ አያቱ ድረስ ጻፊው አለችኝ።