እናትሽ ያጠቡት አቡጀዲ

ሰብልዬ፣ የኔ ዓለም፣

ከተለየሽኝ ዓመት ሊሞላ ነው። እስከ ዛሬ ያልጻፍኩልሽ የምነግርሽ ደግ ወሬ ስላልነበረኝ ነው። አሁን አለኝ።

ቡራዩ ያለውን ቤታችንን አልለቀቅኩም። አከራያችን ኦቦ ገመቹ ግቢውን ሲሚንቶ ሊያስደርጉት ነበር፤ ተዉት። የግቢውን ቀይ አፈር በውሃ በጥብጠሽ፣ እግርሽን ነክረሽ ነጭ አቡጀዲ ላይ ስትጨፍሪ በመስኮት ያዩሽ እንደነበር የነገሩኝ ከሄድሽ በኋላ ነው። እኔ ወንበር ላይ ቆሜ በካሜራ ስቀርጽሽ ጥላዬ ጨርቁ ላይ ባረፈ ቁጥር ትቆጪኝ ነበር። ሰዎች ዳንሰኛ ነሽ፣ ሰዓሊ ነሽ ወይስ ፊልም ሠሪ ሲሉሽ፣ አንዱን ከመረጥኩ ሌላው ያኮርፋል እያልሽ ትስቂ ነበር።

እናትሽ ግን አንድ ቀንም ሊያዩሽ አልመጡም። ሱሉልታ ሱቃቸው ውስጥ አቡጀዲ እየለኩ ነው ያሳደጉሽ፤ ንጹሕ ጨርቅ በጭቃ ማበላሸት አይገባቸውም ነበር። ቢሆንም በሄድሽ ቁጥር እያጉረመረሙ ይቆርጡልሽ ነበር።

በአርባሽ ማግስት መጥተው የልጄን ዕቃ እወስዳለሁ አሉ። የእግርሽን ዱካ የያዙትን አቡጀዲዎች ሁሉ ጠቅልለው ጫኑ። እናት ናቸው፤ ምን ልበላቸው? የደነገጥኩት መኪናው ከሄደ በኋላ ነው። እናትሽ የቆሸሸ ጨርቅ ሳያጥቡ አያስቀምጡም።

ክረምቱን ሙሉ ልደውል እልና እፈራለሁ። ካልጠየቅኩ አልታጠቡም ማለት ይመስለኝ ነበር። መስከረም ሲጠባ ግን ቆርጬ ሄድኩ። የግቢውን በር ስገፋ ገመዱ ላይ ሰፊ አቡጀዲ ተዘርግቷል፤ ጥርት ያለ ነጭ። እናትሽ ደጃፉ ላይ ተቀምጠዋል፣ እጃቸው እስከ ክርናቸው ርጥብ ነው። ለማጠብ ክረምቱ አልፎ ፀሐይ እስኪወጣ ሲጠብቁ ኖረዋል።

«አንዱን አጠብኩት» አሉኝ ቀና ሳይሉ። «ተረከዟ እጄ ላይ ሲጠፋ አየሁት። ሌሎቹን አልነካሁም።»

ዘልዬ ገባሁ። ሌሎቹ እንደተጠቀለሉ ነበሩ። ሰብልዬ፣ እንደዚያ ያለቀስኩት በቀብርሽ ቀን እንኳ አይደለም፤ ያኛው ይጎዳ ነበር፣ ይኼኛው ግን አሳረፈኝ። እናትሽ እግሬ ላይ ሊወድቁ ሲሉ ያዝኳቸው። በታጠበው ላይ የጨፈርሽው በፊልም እንዳለ ነገርኳቸው። እኔስ ላየው እችላለሁ ወይ ብለው ጠየቁኝ።

ባለፈው እሑድ ሰበታ፣ አንቺ ልታሳዪበት አስበሽው በነበረው አዳራሽ አቡጀዲዎቹን ሰቀልናቸው። ኦቦ ገመቹ በፒካፓቸው አደረሱን፤ ሲያወርዱ አንዱንም መሬት አላስነኩም። የታጠበውን መሃል ላይ ወጥረን ፊልምሽን አበራንበት። ገና ትከሻሽን ስታነሺ፣ ከእናትሽ አጠገብ የተቀመጠች ሴት ይቺ ማን ናት ብላ ጠየቀቻቸው።

«ልጄ ናት» አሉ ዓይናቸውን ሳይነቅሉ። ትንሽ ቆይተው ደግሞ «እንዲህ መሆኗን አላውቅም ነበር» አሉ።

ሲያልቅ እንደገና አሳዩኝ አሉ። እንደገና አሳየናቸው።

አሁን አቡጀዲዎቹ ሱሉልታ ናቸው፣ እርጥበት በማይደርስበት ከፍ ያለ መደርደሪያ ላይ፤ እናትሽ ማንንም አያስነኩም። እኔም እንቅልፍ መጥቶልኛል፣ ምግብም መብላት ጀምሬያለሁ። አቡጀዲዎቹን በየዓመቱ አውጥተን እንሰቅላቸዋለን፤ ቃሌ ነው። ይህን ሁሉ ወር፣ እኔም ስሞት ማን ያስታውሳታል እያልኩ ስጨነቅ ነበር። ከእንግዲህ ብቻዬን አይደለሁም፤ እናትሽም ያስታውሱሻል፣ ስትጨፍሪ።