የሸሪፋ ሻይ የሚሉት

ሰኞ፣ ሚያዝያ 20

ሙቀት። እስከ ቀትር መብራት አልነበረም። ልብስ አጠብኩ፣ ምሳ ሠራሁ። አማቴ ሐጂያ «ወጡ ጨው በዝቶበታል» አሉ። አልበዛበትም። አቡበከር ደጋግሞ ጨልፎ በላ፤ ግን እናቱ ፊት «አልበዛም» የሚል ባል አላገባሁም።

መብራት ሲመጣ ለራሴ የእንጆሪ ሻይ ሠራሁ። ውሃውን ከእሳት አውርጄ፣ ቅጠሉን ነክሬ፣ ሳይመር ቶሎ አጠለልኩት። ስኳሩ በትኩሱ ሟሟ። ከዚያ ትዕግስት… ትኩሱን ፍሪጅ ከከተቱት ይደፈርሳል። ሲበርድ የተፈጨ እንጆሪ፣ ሎሚ፣ ትንሽ ናና። ሐጂያ በሩ ላይ ቆመው አዩኝ። ሻይ ቀዝቅዞ ይደፋል እንጂ ይጠጣል እንዴ? አሉ። ቀጥለውም «የጭማቂ ቤት ልጅ ምን ታድርግ።» እማዬ አምስት ኪሎ ጭማቂ ቤት ስላላት ነው። በዚያ ጭማቂ ነው ያደግኩት፣ ዲፕሎማዬንም ያገኘሁት። ምኑ ነው ነውሩ?

ከመግሪብ በኋላ ፍሪጁን ብከፍት ጆጉ ጎድሏል። ሐጂያ አፋቸውን በሻርፓቸው ጠረግ አደረጉ። እኔም እንዳላየ ሆንኩ።

ሐሙስ፣ ሚያዝያ 23

ሸሪፋን ሊያዩ ሊመጡ ነው። እሑድ። የነስሩ እናትና አክስቱ። ሸሪፋ የባሌ ታናሽ እህት ናት፤ ባንክ ትሠራለች፣ ጥፍሯ ያምራል፣ እንቁላል መቀቀል አትችልም። ነስሩን ከወደደችው ቆይታለች። ቤቱ ሁሉ ተነቃንቋል።

ሐጂያ ጠሩኝና «ያንን የምታቀዘቅዢውን ነገር ሥሪልን» አሉ። ደስ አለኝ! እዚህ ቤት ከገባሁ እጄን የሚያስታውስ ሰው ሲገኝ የመጀመሪያዬ ነው። ሃብተ ጊዮርጊስ ድልድይ ድረስ ወርጄ ማንጎውን አንድ በአንድ አሽትቼ መረጥኩ።

እሑድ፣ ሚያዝያ 26

የማንጎ ሻይ፣ ቀረፋ ጣል ተደርጎበት። እንዲህ ያማረ ሠርቼ አላውቅም።

እንግዶቹ ሊገቡ ሲሉ ሐጂያ ትሪውን ከእጄ ወስደው ለሸሪፋ ሰጧት። «አንቺ ጓዳ ሁኚ፣ ሰው እንዳይበዛ።» እኔ ሰው ማብዛት ሆንኩ። ከመጋረጃው ጀርባ ቆሜ ሰማሁ። የነስሩ እናት ቀመሱ፣ ደገሙ፣ ማነው የሠራው ብለው ጠየቁ።

«ሸሪፋዬ ናት» አሉ ሐጂያ። ትንፋሽ እንኳ አልወሰዱም።

«እጅሽ ይባረክ ልጄ።»

«አሚን» አለች ሸሪፋ። አንገቷን ደፍታ። አሚን…

ብርጭቆዎቹን ያጠብኩት እኔ ነኝ። እሱን ማንም አልወሰደብኝም።

ሰኞ፣ ሚያዝያ 27

አቡበከርን ሱቅ ሳይሄድ ያዝኩት። ነገርኩት። ጫማውን እያሰረ ሰማኝ። ምን አለበት፣ ለእህቴ ብትሆኚላት? አለ። ስም አይበላ አይጠጣ አለ። አይበላ አይጠጣ ከሆነ ለምን ተሰረቀብኝ? ማታ ሻዩን ያለ ስኳር ሰጠሁት። ስኳር ሳይጠይቅ ጨረሰው። ያውቃል ማለት ነው።

አርብ፣ ግንቦት 1

ሐጂያ ለነስሩ ቤተሰብ በጠርሙስ ሻይ ይልካሉ። ዛሬ የአናናስ፣ ማክሰኞ የብርቱካን። እኔ እሠራለሁ፣ እሳቸው «ከሸሪፋ» ብለው ይልካሉ። የነስሩ አያት ሌላ መጠጥ አልፈልግም ብለዋል አሉ። ጎረቤታችን እትዬ ቆንጅት እንኳ ደጅ ላይ አግኝታኝ፣ ሸሪፋ ባለሙያ ሆነች አይደል፣ አንቺም ከእሷ ብትማሪ አለችኝ። ከእሷ ብማር! ሳቅሁላት። ቤት ገብቼ ትራሱን ነከስኩ።

እዚህ ደብተር ላይ ሐጂያን አንቺ ብላቸው ማን ያየኛል? ሞከርኩ። እጄ እምቢ አለ። አስተዳደግ የሚባል ነገር ጠላት ነው።

እሑድ፣ ግንቦት 3

በሚቀጥለው እሑድ የኒካሁን ቀን ሊቆርጡ ይመጣሉ። አያትየውም አብረው። «ያንን ሻይ እንዳትረሱ» ብለዋል። ሐጂያ ይህን ሲነግሩኝ ዓይናቸው ውስጥ ትንሽ እፍረት ፈለግሁ። ብርቱካን ስንት ኪሎ እንግዛ ነው ያሉኝ።

ማክሰኞ፣ ግንቦት 5

ድስት እየፈተግኩ አንድ ሐሳብ መጣልኝ። ቁጭ አልኩ።

ጥሩው ሻይ የሸሪፋ ነው አይደል? መጥፎውም የሸሪፋ ነዋ። ራሳቸው ናቸው ያሉት። ጎረቤት መስክሯል። እኔማ ጓዳ ነኝ፣ ሰው እንዳላበዛ።

ጨው አይሆንም። ጨው ተንኮል እንደሆነ ሕፃን ያውቃል። የብርቱካን ልጣጭ ግን… ነጩ ሳይነሳለት ከቅጠሉ ጋር ረጅም ጊዜ ከፈላ፣ ኮሶ ነው። ስኳርና ማንጎ ሲገባበት ደግሞ ምላስ ላይ ማር ይሆንና ሲዋጥ ይመጣል። ከእማዬ ቤት የማውቀው ስህተት ነው፤ አዲስ ሠራተኛ ሁሉ ይሠራዋል። ባለሙያ ግን አይሠራውም። ጥሩ። ባለሙያ መሆኗ ይታያል።

ስንት ቀን ነው በእንዲህ ያለ ጉልበት ድስት ያልፈተግኩት? አበራሁት።

አርብ፣ ግንቦት 8

ሐጂያ ለቅሶ ሄዱ። ሞከርኩት። መጀመሪያ በዛ፣ ገና አፍ ሲነካ አስታወቀ። ሁለተኛው ልክ መጣ። ጣፋጭ… ጣፋጭ… ከዚያ ጉሮሮ ይይዛል። ብቻዬን ሳቅሁ።

ሸሪፋ ከሥራ ስትመጣ ጓዳ ገባች። ደንግጬ ጆጉን ደፋሁት። ምን ልርዳሽ ብላ አታውቅም፤ ዛሬም አላለችም። ግን ግድግዳውን ተደግፋ ቆመች። እንቅልፍ አጥታለች፣ ፊቷ ያስታውቃል። «ፊርዱ፣ እሑድን አደራ» አለች። «አያትየው እምቢ ካሉ ቤቱ ሁሉ እምቢ ነው የሚለው።»

ጠበቅኋት። እውነቴን ነው፣ ጠበቅኋት። ስምሽን ወሰድኩብሽ፣ ይቅርታ… አንድ ቃል ብትል እተወው ነበር። ስልኳ ጠራ፣ እየሳቀች ወጣች።

አልተውም።

እሑድ፣ ግንቦት 10

ልጻፈው።

መጡ። እናትየው፣ አክስቲቱ፣ አያትየው። አያትየው በምርኩዝ ነው የሚሄዱት፣ ዓይናቸው ግን መርፌ ነው። ሸሪፋ ትሪውን ይዛ ገባች። በረዶው፣ ሎሚው፣ ቀለሙ… ያምር ነበር፤ እኔን ራሴን አስጎመጀኝ። መጋረጃው ጋ ቆምኩ።

አክስቲቱ ቀመሰችና ማሻአላህ አለች። ከዚያ ዋጠች። ብርጭቆውን ቀስ ብላ አስቀመጠችው። እናትየው ዋጥ አደረጉና ሸሪፋን አዩዋት። ሸሪፋ አልገባትም፣ ፈገግ እንዳለች ናት። ልቤ ዘፈነ። ይህችን ደቂቃ ነበር የምጠብቀው። ዋጪው ሸሪፋ፣ እጅሽ ይባረክ!

ከዚያ ሐጂያ ቀመሱ። ፊታቸው አንድ ጊዜ ጥቁር አለና ተመለሰ።

«ዛሬ ሸሪፋን ራስ ምታት ይዟት ነበር» አሉ። «ይህን የሠራችው ምራታችን ፊርደውስ ናት።»

እንዴት አላሰብኩትም? ሲጣፍጥ የልጅ፣ ሲመር የምራት። ይህን ያህል ጊዜ አብሬያቸው ኖሬ እንዴት አላሰብኩትም?

መጋረጃውን ገልጬ ወጣሁ። ማንም አልጠራኝም። የአያትየውን እጅ ሳምኩና ቀና አልኩ።

«አዎ፣ እኔ ነኝ የሠራሁት። ያለፈውንም እኔ ነኝ። በጠርሙስ የመጣላችሁንም ሁሉ። ሸሪፋ በዚህ ቤት ሻይ አፍልታ አታውቅም።»

ሐጂያ ሻርፓቸውን ያስተካክላሉ። ሸሪፋ ትሪውን ደረቷ ላይ ይዛለች። እኔ ቁመቴ ጨመረ፤ እውነት፣ ጣሪያው ዝቅ ያለ መሰለኝ።

አያትየው ብርጭቆውን አንስተው እንደገና ፉት አሉ። አፋቸው ውስጥ አቆዩት። ከዚያ እኔን አዩኝ፣ ያለ ቁጣ።

«ልጄ፣ ያንን የሠራ እጅ ይህን ተሳስቶ አይሠራም።»

ምን እላለሁ? ያኛውን የኔ ነው ካልኩ ይህኛውም የኔ ነው። እንግዶቹ ኢንሻአላህ እንነጋገራለን ብለው ተነሡ። ቀን አልተቆረጠም።

ከሄዱ በኋላ ሸሪፋ ጓዳ መጣች። አላለቀሰችም፣ ገና ነበር።

«ሆን ብለሽ ነው?»

«አዎ።»

«እኔ ምን አደረግኩሽ?»

«አሚን አልሽ» አልኳት።

ትዝ አላላትም። ፊቷን አየሁት፣ ጨርሶ ትዝ አላላትም።

ሰኞ፣ ግንቦት 11

ማንም አላናገረኝም። እኔም ማንንም።

ረቡዕ፣ ግንቦት 13

እማዬ ጋ ሄድኩ። ሰምታለች። ከአምስት ኪሎ እስከ ጊዮርጊስ ያልሰማ አለ? ትደግፈኛለች ብዬ ነበር የሄድኩት፤ ማንጎ እየላጠች፣ ሰው የሚጠጣው ነገር ላይ እንዲህ ይሠራል? አለች። ተበድዬ እኮ ነው አልኳት። መበደልሽንማ አውቃለሁ አለች። ቢላዋውን ተቀብያት አብሬያት ላጥኩ።

አርብ፣ ግንቦት 15

አቡበከር ተናገረ። ጀርባውን ሰጥቶኝ እየተኛ ነው የሰነበተው። ዛሬ ከጁምዓ ሲመለስ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠ። እናቴ አጥፍታለች አለ። ይህን ቃል ከአፉ ስጠብቅ ኖሬ፣ ሲመጣ እንዴት ቀለለ? ቀጥሎ «ሸሪፋ ግን ሌሊቱን ስታለቅስ ነው የምታድረው። ያንን አልሰማሽም?» አለ።

ሰምቻለሁ። ግድግዳው ስስ ነው። የመጀመሪያውን ቀን ደስ ብሎኝ ተኛሁ። ከዚያ ወዲያ እንቅልፍ የለኝም፤ ግን ይህን ለሱ አልነገርኩትም። አንተስ ያኔ ምን ብለኸኝ ነበር አልኩት። ጫማውን አድርጎ ወጣ።

ማክሰኞ፣ ግንቦት 19

ነስሩ ራሱ ሱቅ መጥቶ አቡበከርን አናገረው። ሚስት ነው የማገባው እንጂ ሻይ አይደለም ብሎ ለቤቱ ነግሯል። አያትየውም እሺ ብለዋል። ኒካሁ ከአረፋ በኋላ ነው። ሐጂያ እልል አሉ።

ከትከሻዬ ላይ አንድ ነገር ወረደ። ወዲያው ደግሞ ተናደድኩ። የኔ ነገር በዚሁ ሊቀር ነው? ሸሪፋ ባሏን አገኘች፣ ሐጂያ ሠርጋቸውን። እኔስ?

አርብ፣ ግንቦት 29

አረፋ። ቤቱ በሰው ሞላ። የነስሩ ቤተሰቦችም አሉ።

ጠዋት ሐጂያ ጓዳ ገብተው «ሻይሽን ሥሪ» አሉኝ። ሻይሽን። አልተሳሳቱም፣ ደግመው አሉት። የእንጆሪ ሠራሁ። ልክ ሠራሁት፤ ቅጠሉን ቶሎ አወጣሁ፣ ልጣጭ የሚባል ነገር ድስቱ አጠገብ እንኳ አላደረስኩም። ትሪውን ማንም አልወሰደብኝም። ራሴ ይዤ መጋረጃውን አልፌ ገባሁ።

ሐጂያ ሰው ሁሉ እየሰማ «የፊርደውስ ሻይ ነው» አሉ። «የራሷ ሙያ ነው።»

በጆሮዬ ሰማሁት። ሌላ ምን ፈልጌ ነበር?

ትሪውን ዘርግቼ ቆምኩ። እጅ አልተዘረጋም። አክስቲቱ ወደ እናትየው አየች፣ እናትየው ወደ አያትየው። ሐጂያ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «በይ እስቲ፣ መጀመሪያ አንቺ ቅመሺው።» ክፉ ድምፅ አልነበረም። እትዬ ቆንጅት ሳቅ አለች፣ ሌላ ሰው አልሳቀም።

አንዱን ብርጭቆ አነሣሁ። መሐል ቤት ቆሜ እስከ ታች ጠጣሁት። ጉሮሮዬን እያዩ ነው። ጨርሼም ወዲያው አላነሡም፤ ትንሽ ቆዩ፣ ፊቴን እያዩ። ከዚያ አንድ በአንድ አነሡ። ጣፋጭ ነው አሉ። ጣፋጭ ነበር።

ሸሪፋ ብርጭቆዋን ተቀብላኝ አመሰገነችኝ። ሳትቀምሰው ይዛው ወደ ጓዳ ገባች። ቧንቧው ሲከፈት ሰማሁ።